ከለር ቴሌቪዥን በነጭ ጠመኔ

ከኦሎምፒያ እስከ መገናኛ ሬዲዮ በጥፊ የሚያስነሳ ሰው አምጡ ብትባሉ፣ ዞራችሁ ዞራችሁ የምትመጡት እኔው ጋ ነው። ጉራ እንዳይመስላችሁ። ጉራ ቢሆን ኖሮ ከዚህ በደንብ አድርጌ እነፋው ነበር።

ከትምህርት ጋር ስድስተኛ ክፍል ላይ በሰላም ተሰነባብተናል። እጄ ግን ጉድ ነው። ኦሎምፒያ አጠገብ ባለ የሬዲዮና የቴሌቪዥን ጠጋኞች ማኅበር ውስጥ ነው የምሠራው፤ ጠረጴዛዬም በሩ ጋ ነው፣ አላፊ አግዳሚው እጄን እያየ ይለፍ ብዬ የመረጥኩት። ደንበኛ ሬዲዮውን ያመጣል። እኔ ጆሮዬን እለጥፍበትና እንደ ሐኪም "እህህ" እላለሁ። ከዚያ ጎኑን አንድ ጥፊ! ይናገራል። ካልተናገረ በሌላኛው ጎን።

ቴሌቪዥን ላይ ደግሞ ሞገሴ ሌላ ነበር። የቦሌ ቴሌቪዥን ሁሉ በሽታው አንድ ነው፤ አውሮፕላን ባናቱ ሲያልፍ ምስሉ ወባ እንደያዘው ሰው ይንቀጠቀጣል። ባለቤቶቹ ደንግጠው ያስጠሩኛል። እኔ እሄድና ሻይ እየጠጣሁ አውሮፕላኑን እጠብቃለሁ። ይመጣል፣ ምስሉ ይንቀጠቀጣል፣ ድምፁ ሊርቅ ሲል ጥፊዬን አሳርፋለሁ። ቀጥ!

"እጅህ ይባረክ የኔ ልጅ!" ይላሉ የቤቱ እማማ።

ለሚቀጥለው አውሮፕላን እኔ የለሁበትም።

ከጎኔ ባለው ጠረጴዛ አንዲት ልጅ ትሠራለች። ብየዳ ላይ እሷን የሚያህል የለም። ምላስ ላይም እንደዚያው።

"አንተ፣" ትለኛለች፣ "አውሮፕላን ማረፊያው ከዚህ ቢነሳ ምን በልተህ ልታድር ነው?"

"አብሬው እነሳለኋ!"

እንዲህ እየተባባልን ስንኖር፣ የአብዮቱ አሥረኛ ዓመት ሲቃረብ ከለር ቴሌቪዥን ሊመጣ ነው ተባለ። ማኅበራችንን የሚቆጣጠሩት የቀበሌው ሊቀመንበር ስብሰባ ጠሩን። እኚህ ሰውዬ ቡናማ፣ እንደ መስታወት የሚያብረቀርቅ የፀሐይ መነጽር አላቸው። ቤት ውስጥም አያወልቁትም፣ ማታም አያወልቁትም። ዓይናቸውን ያየ ሰው እስካሁን አላገኘሁም።

"ሠራተኛው ራሱን ከቴክኖሎጂው ጋር ማራመድ አለበት!" አሉ። እኔ ከሁሉም በላይ አጨበጨብኩ። "ስለዚህ የከለር ሥልጠና ይሰጣል። ያለፈ ጠረጴዛው ላይ ይቀጥላል። የወደቀ ባትሪ ድንጋይ መሸጫው ላይ ይመደባል!"

ጭብጨባዬ አየር ላይ ቀረ።

ድንጋይ መሸጫው በጓሮ በኩል ያለች ጠባብ መስኮት ናት። እዚያ ተቀምጦ ቀኑን ሙሉ "ትልቁን ነው ትንሹን?" ማለት ነው። እኔ! በነዚህ እጆች! እናቴ ለሰፈሩ በሙሉ "ልጄ ኢንጂነር ነው" ብላ አውጃለች። ታዲያ ኢንጂነሩ መስኮት ውስጥ አንገቱን አሹልኮ ድንጋይ ሲሸጥ ቢታይ፣ እሷ በየት በኩል ገበያ ትወጣለች?

ሥልጠናው ቀበሌው አዳራሽ ውስጥ ተጀመረ። አስተማሪያችን ምሥራቅ ጀርመን ብዙ ዓመት ተምረው የመጡ ቀጭን መሐንዲስ ናቸው። የመጀመሪያው ቀን የመጀመሪያ ንግግራቸው ይሄ ነበር፦

"ጓዶች፣ ቴሌቪዥን አይመታም።"

ማን ነግሯቸው እንደሆነ እንጃ፣ እኔን እያዩ ነው ያሉት። ልጅቷ ሳል አስመስላ ሳቀች። እጄን ኪሴ ከተትኩ።

ለመማሪያ የመጣው ከለር ቴሌቪዥን አንድ ነው። እሱም ከነካርቶኑ ሊቀመንበሩ ቢሮ ተቆልፎበታል። "እስከ ፈተናው እንዳይበላሽ" ተብሎ ነው። ስለዚህ ከለር የተማርነው ጥቁር ሰሌዳ ላይ ነው። ቀበሌው ያለው ጠመኔ ደግሞ ነጭ ብቻ።

መምህሩ ሦስት ክብ ሳሉ። "ይሄ ቀይ ነው። ይሄ አረንጓዴ። ይሄ ሰማያዊ።"

ሦስቱም ነጭ ናቸው።

"መምህር፣ ቀዩ የትኛው ነበር?" አልኩ።

"በግራ በኩል ያለው።"

በማግስቱ ስንመጣ ቀዩ ወደ ቀኝ ተዛውሯል። ወዲያው ደግሞ፣ "ሦስቱ ሲቀላቀሉ ነጭ ይሰጣሉ" አሉን። በሥልጠናው ሁሉ ሳንጠራጠር የተቀበልነው ይሄንን ብቻ ነው፣ በዓይናችን እያየነው ነዋ!

ፈተናው ደረሰ። ከለሩ ከካርቶኑ ወጥቶ አዳራሹ ፊት ረጅም ጠረጴዛ ላይ ተቀመጠ፣ ትልቅ ነው፣ ቁም ሳጥን ያህላል። መምህሩ ከኋላው ያሉትን ሦስት ብሎኖች፣ የቀዩን፣ የአረንጓዴውንና የሰማያዊውን፣ አበላሽተው ያዞሯቸዋል። ተፈታኙ ከኋላ ቆሞ ይመልሳቸዋል። ከኋላ ሆኖ ፊቱን ማየት ስለማይቻል አንድ ሰው ከፊት መስታወት ይይዝለታል። ቴሌቪዥን የሚጀምረው ምሽት ላይ ስለሆነ በየምሽቱ አንድ ሰው ነበር የሚፈተነው።

ልጅቷ በመጀመሪያው ምሽት አለፈች። ክፋት የላትም፣ ብልሃቱን ነገረችኝ።

"ዜና አንባቢው ምን ዓይነት ኮት እንደለበሰ አታውቅም፣ አይደል? ባንዲራውን ግን ሕፃን ያውቀዋል። ስርጭቱ ሲጀምር በመዝሙሩ ሰዓት ባንዲራው ይታያል። ምኑ እንደተበላሸ በመስታወቱ ቶሎ አይተህ ያዝ፣ ለመዝሙሩ ቀጥ ብለህ ቁም፣ ሲያልቅ ታስተካክላለህ።"

"አይቶ መያዝ የናንተ የተማራችሁት ነው" አልኳት። "እኔ የማስበው በእጄ ነው። ባንዲራው ሳይጠፋ እጨርሰዋለሁ።"

"በመዝሙር ሰዓት ልትነቃነቅ? በሊቀመንበሩ ፊት? ድንጋይ መሸጡም ያምርሃል እኮ!"

"ከሳጥኑ በላይ የሚታየው ጭንቅላቴ ብቻ ነው። ጭንቅላቴ ደግሞ ቀጥ ብሎ ይዘምራል።"

የኔ ምሽት መጣ። ከሳጥኑ ኋላ ቆምኩ፣ ጠመንጃ መፍቻዬን ይዤ። ልጅቷ ከፊት መስታወቱን ያዘችልኝ። ሊቀመንበሩ ፊት ለፊት ተቀምጠዋል፣ መምህሩ ከጎናቸው። አዳራሹ ሙሉ ነው፤ ከለር ሊያይ ያልመጣ የሰፈር ሰው የለም፣ እናቴም ሦስት ጎረቤት አስከትላ መጥታለች።

መዝሙሩ ጀመረ። ሁሉም ብድግ! ልጅቷም እንደ ደንቡ እጆቿን ወደ ጎኗ አወረደች። መስታወቱም አብሮ ወረደ። እሱን አላሰብኩትም ነበር!

አሁን በመስታወቱ የሚታየኝ የአዳራሹ ሲሚንቶ ነው። ሲሚንቶው ከለር የለውም። አፌ ይዘምራል፣ በጆሮዬ "ትልቁን ነው ትንሹን?" የሚል ድምፅ ይሰማኛል። ልክ ያን ጊዜ ቀና ስል፣ ከፊቴ ቀጥ ብለው የቆሙት ሊቀመንበሩ መነጽር ውስጥ ሁለት ትንንሽ ባንዲራዎች ይውለበለባሉ። አንድ መስታወት ጠፋብኝ ስል እግዜር ሁለት ሰጠኝ!

ከላይ እየዘመርኩ ከታች መጠምዘዝ ጀመርኩ። ባንዲራው ቢጫ ቢጫ ብሎብኛል፤ አረንጓዴው እንደ ደረቀ ሣር፣ ቀዩ እንደ ብርቱካን። ሰማያዊዋን ጨመርኩ። አሁንም ቢጫ። ጨመርኩ። እስከ መጨረሻዋ ሳዞራት፣ በሁለቱም የመነጽሩ መስታወት ውስጥ እንዲህ ያለ ባንዲራ! መዝሙሩም አለቀ።

ደረቴን ነፍቼ ወደ ፊት ዞርኩ። ጭብጨባ ነበር የጠበቅሁት። መምህሩ ግን አፋቸውን ከፍተዋል። ልጅቷ ፊቷን በመስታወቱ ሸፍናለች። ዞር ብዬ ቴሌቪዥኑን አየሁ።

ዜና አንባቢው ሊላ ሆኗል። ፊቱ ሊላ፣ ጥርሱ ሰማያዊ፣ ጆሮው የባሰ። እንደዚያ ሆኖ በእርጋታ ዜናውን ያነባል።

"ታመመ እንዴ ልጁ?" አለች እናቴ።

ድንጋይ መሸጫዋ መስኮት ፊቴ ላይ ድቅን አለች። ሌላ ምን አውቃለሁ? እጄን አነሳሁ።

"አይመታም!" ብለው ጮሁ መምህሩ።

"ድንቅ ነው!" አሉ ሊቀመንበሩ በላያቸው ላይ። "ይሄ ነው ሥራ! እስኪ መልኩን እዩት፣ ምንም እኮ አልጎደለውም! እንዲያውም ከእስካሁኖቹ ሁሉ ይሄ ይሻላል።"

መምህሩ ጎንበስ አሉ። "ጓድ ሊቀመንበር፣ እስቲ መነጽርዎን ለአፍታ ቢያወልቁ..."

"መነጽሬ ምን ሆነ?"

መምህሩ ሊላውን ሰውዬ አዩ፣ መነጽሩን አዩ፣ እኔን አዩ።

"ያምራል ለማለት ነው" አሉ።

"አልፏል!" አሉ ሊቀመንበሩ። "ቴሌቪዥኑንም ማንም እንዳይነካብኝ፣ እንዳለ አዳራሹ ውስጥ ይቀመጥ!"

መምህሩ ሲወጡ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው፣ "ጓድ፣ ላንድ ሰው ነው ያስተካከልከው" አሉኝ።

"ትክክለኛውን ሰው ነዋ የመረጥኩት፣ መምህር!"

ከዚያ ወዲህ ያለው የኔ ዘመን ነው። የሰፈሩ ሰው በየምሽቱ አዳራሽ እየመጣ ሊላውን ሲያይ ከረመ። ከለር ማለት ያ ነው ብሎ ለመደው። ከለር ቴሌቪዥን ቤቱ ያስገባ ሰው ሁሉ ታዲያ ማኅበራችን እየመጣ "እንደ አዳራሹ አድርጉልኝ" ይላል። ልጅቷ በደንቡ አስተካክላ ስትሰጥ ይመልሱባታል።

"ይሄ ምን ከለር ነው? ሰውዬው እኮ ጎረቤቴን ነው የሚመስለው!"

በመጨረሻ አንድ ምሽት እሷው መጣች፣ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ።

"በል ንገረኝ። እንዴት አድርገህ ነው ሁሌ ያንኑ ሊላ የምታመጣው?"

መሳቢያዬን ከፈትኩና ከመርካቶ የገዛሁትን ቡናማ መነጽር አውጥቼ ሰጠኋት። አደረገችው፣ ጠረጴዛዬ ላይ ያለውን ቴሌቪዥን አየች። በመነጽሩ ሲያዩት ሊላው ሰውዬ ደህና ሰው ነው። እሷን ዝም ያሰኘ ጠጋኝ በቦሌ እኔ ብቻ ነኝ፣ ይሄንንም ጻፉልኝ።

ልክ በዚያ ሰዓት ከወደ ማረፊያው አንድ አውሮፕላን ተነሳና ምስሉ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ባለቤትየው በሩ ጋ ቆመው ያዩናል፤ ፊታቸው ሲጨነቅ ይታየኛል።

"በል እንጂ ምታው፣" አለችኝ በሹክሹክታ፣ መነጽሩን ሳታወልቅ፣ "ምን ትጠብቃለህ?"

"እስኪርቅ ነዋ!"