ሳንቀምስ የሠራነው ኮፍታ

አዴ ዘሃራ ቤት ሥራ የጀመርኩ ቀን ነጭ ጋውን ለብሼ፣ አዲስ ደብተርና የኩሽና ሚዛን ይዤ ነበር የሄድኩት። የምግብ ዝግጅት አንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝ። ኮሌጃችን ለተግባር ልምምድ ሲመድበን ጓደኞቼ ሆቴል ደረሳቸው፤ እኔ ድሬዳዋ፣ መጋላ ውስጥ በመኖሪያ ቤታቸው ኩሽና በትእዛዝ የሚያበስሉ፣ ሰፈሩ ሁሉ አዴ (እናት) የሚላቸው አንዲት ሴት ደረሱኝ። እውነቱን ለመናገር መጀመሪያ ከፍቶኝ ነበር።

በሩን ከፍተው ከላይ እስከ ታች አዩኝ። "ሐኪም ነው እንዴ የላኩልኝ?" አሉ።

"ተማሪ ነኝ አዴ። ማኅሌት እባላለሁ። እርስዎ ጋ ተመድቤ ነው።"

"እርስዎ? አቦ ተይኝ! እርስዎ ስትዪኝ ከኋላዬ ሌላ ሰው የቆመ ይመስለኛል። ድሬ አይደል እንዴ ያደግሽው? አንቺ በዪኝ።"

ያደግሁት እዚሁ ድሬ፣ ከዚራ ሰፈር ነው፤ ግን አባቴ ትልቅ ሰው አንቱ ካልተባለ እራት የማይበላላቸው ዓይነት ሰው ናቸው። ቢሆንም ከዚያ ቀን ጀምሮ አዴን አንቺ እላቸዋለሁ። በጽሑፍ ግን አልደፈርኩም።

የመጀመሪያውን ሳምንት ሥጋ አልነካሁም። ድንች፣ ካሮትና ዝኩኒ ብቻ ከተፍኩ። በተማርኩት መሠረት ሁሉንም እኩል ቆርጬ ደረደርኩላቸው። አዴ አንዷን ካሮት አንስተው አገላበጧት።

"ማነው እኩል ቁረጪ ያለሽ?"

"ደብተሬ ላይ አለ።"

"ኦቨኑ ደብተርሽን አላነበበም። ካሮት ቶሎ አይበስልም፤ ቀጭን ይሁን። ድንች መካከለኛ። ዝኩኒ ውሃ ነው፤ ወፍራም ካላደረግሽው ይጠፋል። እኩል እንዲበስሉልሽ እኩል አትቁረጪ።" ይህን ጻፍኩ። እስከ ዛሬ ከጻፍኩት ሁሉ ብዙ ጊዜ የተመለስኩበት መስመር እሱ ነው።

የአዴ ዘሃራ የታወቀ ሥራ የኦቨን ኮፍታ ነው። ሁለት ጊዜ የተፈጨ የበሬ ሥጋ ይወሰዳል። ሽንኩርት ደቅቆ ይከተፍና በንጹሕ ጨርቅ ውሃው ተጨምቆ ይወጣል፤ ውሃው ካልወጣ ኮፍታው ኦቨን ውስጥ ይፈርሳል። ነጭ ሽንኩርት፣ ከሙን፣ ቁንዶ በርበሬ፣ የድንብላል ቅጠል፣ እንቁላልና በውሃ የራሰ ያደረ ዳቦ ይገባበታል። ከዚያ በሎሚ መጠን ተድበልብሎ ዘይት በተቀባ ፓትራ (የኦቨን ትሪ) ላይ ይደረደራል። መጀመሪያ ብቻውን በኃይለኛ ሙቀት ላዩ ቆዳ ይይዛል። ቀጥሎ አትክልቱ በመሐል በመሐል ይገባል፤ ትኩስ የቲማቲም ስልስ ይፈስበታል፤ በፎይል ተሸፍኖ ይመለሳል። መጨረሻ ላይ ፎይሉ ይነሳና ላዩ ይጠበሳል።

ይህን ማንም ይጽፈዋል። እኔን ያስደነቀኝ ያልተጻፈው ነው።

የኦቨኑ ማስተካከያ ላይ የነበሩት ቁጥሮች ከጊዜ ብዛት ተፍቀው አልቀዋል። አዴ ባዶ ፓትራ ያስገቡና ሲግል ቁንጥር ዱቄት ጣል ያደርጉበታል። ከዚያ ይቆጥራሉ። ሃያ ሲደርሱ ዱቄቱ የተቆላ ገብስ ከመሰለ ሙቀቱ ለኮፍታ ደርሷል። አሥር ላይ ከጠቆረ በሩን ገርበብ ያደርጉታል። ከተሸፈነ በኋላ ደግሞ ኦቨኑን አይከፍቱም፤ ይሰሙታል። ስልሱ ውሃ እስካለው ድረስ ይንተከተካል። ውሃው አልቆ ዘይቱ ወደ ላይ ሲወጣ ድምፁ ይቀጥንና ቸስ ማለት ይጀምራል። ግቢ ውስጥ ልብስ እያሰጡ፣ ከጎረቤት ጋር በኦሮምኛ እያወሩ፣ ድንገት ዞር ብለው "ማሂ፣ ፎይሉን አንሺ" ይሉኛል። ከፍቼ ሳይ ደርሷል። አንድም ቀን አልተሳሳቱም።

ጨው የሚያነሱት በሦስት ጣት ነው። እኔ የጨውን ጣሳ እሳቸው ከማንሳታቸው በፊትና በኋላ በድብቅ እመዝነው ነበር። ለአንድ ኪሎ ሥጋ የሚያነሱት ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ሆነብኝ። ሚዛኔ የተበላሸ መስሎኝ ያልተከፈተ የስኳር እሽግ መዘንኩበት። ሚዛኑ ደህና ነው። ልክ የነበረው እጃቸው ነው። የጨውን ልክ ደብተሬ ላይ ጻፍኩና ትልቅ ምስጢር ያገኘሁ መሰለኝ።

ያ እጅ ባለፈው ዓመት ደንዝዞ ነበር። ብዙ ወራት ትእዛዝ አልተቀበሉም፤ ደንበኞቻቸውም ሌላ ጋ ሄዱ። አሁን ድነዋል፤ ግን ሰው ገና አልተመለሰም።

ረመዳን ገብቶ ሁለተኛው ሳምንት ላይ የድሮ ደንበኛቸው ወይዘሮ ሩቂያ ደወሉ። አዴ ስልክ የሚያወሩት ድምፁን ለቀው ስለሆነ ሁሉንም ሰማሁ።

"አማቾቼ ለማፍጠሪያ ይመጣሉ፤ ሦስት ፓትራ ኮፍታ እፈልጋለሁ። ግን አዴ፣ እጅሽ ተመለሰ ወይ? እውነቱን ንገሪኝ።"

"ብዪና ፍረጂ" አሉ አዴ።

"ከተመለሰ የረመዳንን የእንግዳ ምግብ ሁሉ ላንቺ ነው የምሰጠው።"

ስልኩን ሲዘጉ እጃቸውን አንዴ ጨበጥ ዘርጋ አደረጉት።

ነገሩን ከባድ ያደረገው መቅመስ አለመቻላችን ነው። እሳቸው በጾም ሰዓት ምላሳቸው ላይ ምንም አያስነኩም። የእኔም ሁዳዴ ከረመዳን ጋር ገጥሟል። ደግሞ ጾም ባይሆንም ሥጋው የእስላም ነው፤ እኔ አልበላም፣ እሳቸውም ብዪ ብለውኝ አያውቁም። ቤቱ ቀኑን ሙሉ በሥጋ ሽታ ይሞላል፤ አንድ ሰው እንኳን አይቀምስም።

በትእዛዙ ቀን ከክፍል ወጥቼ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ደረስኩ። ስድስት ኪሎው ሥጋ ተፈጭቶ በትልቅ ሳህን ከፍሪጅ ወጥቷል። አዴ ለከሰዓቱ የአስር ሶላት እየታጠቡ፣ ውዱእ እያደረጉ ነበር።

"ኮቱ፣ ነይ። ሽንኩርቱን ጨምቂና ከሥጋው ጋር አዋህጂው። ሰግጄ መጣሁ።"

ያሉኝን አደረግሁ። ደብተሬ ላይ ከሽንኩርት ቀጥሎ ያለው ጨው ነው። ሲመለሱ ተጨርሶ እንዲያገኙት ፈለግሁ፤ ደስ እንዲላቸው። የጻፍኩትን ልክ በስድስት ኪሎ አባዝቼ፣ መዝኜ ጨመርኩ፤ አሸሁት። ቀኑ ሞቃት ስለነበር አዴ ጠዋት ሥጋው እንደመጣ ጨው አድርገው ፍሪጅ እንዳስገቡት አላወቅሁም። አልጠየቅሁምም።

ተመልሰው እጃቸውን ሥጋው ውስጥ ከተቱ። አንዴ ጨበጡ። ቆሙ።

"ማሂ፣ ጨው ነክተሻል?"

"አልነካሁም" አልኩ። ለምን እንዳልኩ አላውቅም። ከአፌ ወጣ።

እንደገና ጨበጡ። ከዚያ እጃቸውን አውጥተው አዩት። ጣቶቻቸውን አንድ በአንድ በአውራ ጣታቸው ነካኩ። "ሥጋው ጨው በዝቶበታል ይለኛል። እኔ ግን የማደርገውን ነው ያደረግሁት። እንግዲያው እጄ ነው" አሉ።

ዱካ ላይ ተቀመጡ።

"ስልኩን አቀብዪኝ። ሩቂያ ሳይመሽባት ሌላ ሰው ትፈልግ።"

ስልኩ እጄ ላይ ነበር። ልሰጣቸው ዘረጋሁና መልሼ ያዝኩት።

"አዴ፣ ነክቻለሁ። ዋሽቼሽ ነው።"

"ምን ያህል?"

"አንቺ የምትጨምሪውን ያህል። ስትጨምሪ ጣሳውን እመዝነው ነበር። ዛሬም መዝኜ ነው ያደረግሁት።"

ከዱካው ተነሱ። "እጄን መዘንሽው?"

"አዎ።"

"እና ልኩ አንድ ነው?"

"ሁልጊዜ አንድ ነው።"

ይጮሁብኛል ብዬ ስጠብቅ ሳቃቸው መጣ። ያመለጣቸው ሳቅ ነው፤ ዓይናቸው ግን ረጥቦ ነበር። "ወላሂ፣ እጄ ደህና ነው! ሰማሽ? ደህና ነው! ነይ፣ እጅሽን ክተቺ።"

ከተትኩ።

"ጨብጪና ልቀቂ። ጣትሽን እንደ ማስቲካ ያዘሽ አይደል? ጨው ሥጋን ያጣብቀዋል። ልኩን ሲያገኝ ይይዝሽና ይለቅሻል። ይሄ ይይዝሻል፣ አይለቅሽም። አሁን ምላስ ምን ያደርግልሻል?"

ብዙ ጊዜ ጨበጥኩት። እሳቸው በአንድ ጭብጥ ያወቁትን እኔ ተነግሮኝም በደንብ አልተሰማኝም። ያን ጊዜ የተሰማኝን ፍርሃትና አድናቆት መለየት ይከብደኛል።

ሥጋ ለመጨመር ሉካንዳው ዘግቷል። አዴ ድንች ያለ ጨው አስቀቀሉኝ፤ ፈጭተን ከሥጋው ጋር አዋሐድነው። እንቁላል ጨመሩ። በየመሐሉ እጃቸውን እየከተቱ "ገና"፣ "ገና"፣ በመጨረሻም "ለቀቀኝ" አሉ። ስልሱ ውስጥ ጨው አልገባም፤ አትክልቱም ላይ አልተነሰነሰም። በመሐል የሚደረደረው ድንችም በእጥፍ ሆነ።

"የጎረቤት ልጅ ጠርተን እናስቀምስ?" አልኩ።

"ሩቂያ የጠየቀችው እጅሽ ተመለሰ ወይ ብላ ነው። የጎረቤት ልጅ ምላስ እንዴት ሰነበተ አላለችም።"

ዱቄት ጣል ተደረገ፤ ሃያ ተቆጠረ። ፓትራዎቹ በየተራ ገቡ። ፎይሉን አንሺ ሲሉኝ አነሳሁ። ኮፍታው ቡናማ ሆኖ፣ ካሮቱ ቅርጹን ይዞ፣ ዘይቱ በዳር በዳር ቀይ ሆኖ ወጥቷል። ውበቱ አላጽናናኝም፤ ጨው አይታይም።

ባጃጅ የሚነዳው ኻሊድ ሊወስድ መጥቶ ፓትራዎቹን ሲጭን አንገቱን ነቀነቀ። "አቦ አዴ፣ ጾመኛን ሰው ይሄን ሽታ አስጭነሽ ሳቢያን ሰፈር ድረስ? አላህን ፍሪ እንጂ!"

"አፍንጫህ አይጾምም፤ ንዳ" አሉት።

ለቤት አንድ ፍሬ አልቀረም። ከታዘዘ ፓትራ አይነሳም፤ የእሳቸው ደንብ ነው። ስለዚህ ከሩቂያ ስልክ በቀር የምናውቅበት መንገድ አልነበረንም።

ፀሐይ ጠልቃ መግሪብ ሆነ። አዴ በቴምርና በውሃ አፍጥረው ሰገዱ። እኔ ፓትራ አጥብ ነበር፤ ያጠብኩትን ደግሜ አጠብኩ። ስልኩ ጮኸ።

"አዴ!" የወይዘሮ ሩቂያ ድምፅ ከሳህንና ከማንኪያ ጫጫታ ጋር መጣ። "አማቾቼ ፓትራውን በዳቦ እየጠረጉት ነው!"

"ጨውስ?"

"ምን ጨው?"

"ጨውስ እንዴት ነው እያልኩሽ ነው።"

"ጨው ያው ጨው ነዋ! ምን ሆኖ? ድንች ግን አብዝተሻል፤ ሥጋ ተወደደ እንዴ? ለእሑድ ሁለት ፓትራ እፈልጋለሁ፣ ድንቹን ቀንሺ።"

"ድንቹ የተማሪዬ ነው" አሉ አዴ እኔን እያዩ። "ለእሑድ የራሴን እሠራልሻለሁ።"

ስልኩን ከዘጉ በኋላ ሻይ ቀዱልኝ። "ጨዉን በድንች አስተካከልኩት" አሉ። "አልነካሁም ብለሽ ብትቀሪ ግን ከእንግዲህ እጄን አላምነውም ነበር።" በማግስቱ ስመጣ እንደተለመደው ካሮት ሰጡኝ።

አሁን እኛ ኩሽና ውስጥ ጨው የጨመረ ሰው "ጨው ገብቷል" ብሎ ጮክ ብሎ ይናገራል። አዴ ብቻቸውን ሆነው ሲያበስሉም ይናገራሉ፤ ከበር ላይ ሰምቻቸዋለሁ።

ለልምምድ ለምትወጡ ጓደኞቼ የምለው ይህ ነው፦ ከመጨመራችሁ በፊት ጠይቁ፤ ከጨመራችሁ ተናገሩ፤ ስትጠየቁ እውነቱን ተናገሩ። የተበላሸ ምግብ የሚስተካከለው ምን እንደገባበት ሲታወቅ ነው።