መጨረሻ የማይናገረው ኩንጃምቡ

አዲስ ፊልም በገባ ቁጥር የመንደሩ ሲኒማ ቤት አስተዋዋቂ ኩንጃምቡ ከጂፕ ኋላ ተቀምጦ፣ ማይኩን ጨብጦ፣ ከወንዙ ዳር እስከ ቢዲ ሲጋራ ጠቅላዮቹ መደዳ ድረስ መንደሩን ያዳርስ ነበር። ባለቀለም ወረቀት እየበተነ ታሪኩን ይተርካል፤ ልብ የሚሰቀልበት ቦታ ሲደርስ ግን «የቀረውን ከነጩ መጋረጃ!» ብሎ ዝም ነው። የአንድም ፊልም መጨረሻ ከአፉ ወጥቶ አያውቅም። ሚስቱ ናራያኒ እንኳ በዓሣ ወጥ ልትደልለው ብትሞክር፣ ወጡን በልቶ ዝም አላት።

ሲኒማ ቤቱ በኮኮናት ቅጠል የተከደነ፣ ወለሉ አሸዋ ነው። ባለቤቱ ማይን ሐጂ ገበያው ስለቀዘቀዘበት፣ ሕዝቡ አንዴ ገንዘቤን መልስ ካለው አዳራሹን የኮኮናት ማድረቂያ እንደሚያደርገው ዝቶ ነበር።

ፊልሙን ከማዶው መንደር ጋር ይጋሩት ስለነበር፣ እዚያ ታይቶ ያለቀው የፊልም ጥቅል በጀልባ ይሻገራል። አንድ የክረምት ምሽት ወንዙ ሞላና ጀልበኛው አልሻገርም አለ። የመጨረሻው ጥቅል ማዶ ቀረ። መብራት በራ፤ ሕዝቡ አግዳሚውን ይደበድብ ጀመር።

ሐጂ ማይኩን ለኩንጃምቡ አስጨበጠው። «ትናንት ማዶ አይተኸዋል አይደል? መጨረሻውን ንገራቸው። አለዚያ ከነገ ጀምሮ እዚህ የሚሰጣው ኮኮናት ነው።»

ኩንጃምቡ መጋረጃው ፊት ቆሞ ጀመረ። የኮበለለችው ሙሽራ ታንኳ ከባሕሩ አፍ ደረሰች። ወንድሟ ደረሰባት። ወንድምየው ብድግ አለ። መቅዘፊያውን ወደ ላይ አነሳ። አዳራሹ ሁሉ አንገቱን አሰገገ። ይሄኔ አፉ የለመደውን አደረገ፤

«የቀረውን ከነጩ መጋረጃ!»

ሐጂ ራሱን ያዘ። ከሴቶቹ በኩል ዓሣ ሻጯ ቺሩታ ተነሳች።

«ወንድም ኩንጃምቡ፣ መጋረጃው ከጀርባህ ነው። እስቲ ዞር በልና ምን እንደሚታይህ ንገረን።»

የምሩን ዞረ። አየው።

«ነጭ ነው» አለ።

ሳቁ ክዳኑን ሊያነሳው ደረሰ። ሳቁ ሳይበርድ ክርክሩ ተነሳ። ቢዲ ጠቅላዮቹ ወንድምየው ይምራታል አሉ፤ ዓሣ አጥማጆቹ አይምራትም። ቺሩታ ሙሽራዋ መቅዘፊያውን ትቀማዋለች ባይ ነበረች። ገንዘቡን ያስታወሰ የለም፤ እየተከራከሩ ዝናቡ ውስጥ ገቡ፣ ክርክሩም እየቤቱ አደረ።

በማግስቱ ወንዙ ጎደለ፣ ጥቅሉ ተሻገረ። ሲኒማ ረግጣ የማታውቀው ናራያኒ ሳትቀር መጣች። ቦታ ጠፍቶ ሐጂ ራሱ ቆሞ አየ።

ኮኮናቱም እንደ ድሮው እደጅ ደረቀ።