ከተናጋሪው ትከሻ በላይ

ቦንጋ ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ካሜራ የያዝኩት የሰንደቅ ዓላማ ቀንን እንድቀርጽ ታዝዤ ነው። እስከዚያ በዞኑ ኮሙኒኬሽን ቢሮ ሥራዬ ማስታወቂያ መጻፍ ነበር። ካሜራ ባለሙያው ሲዛወር፣ ኮምፒውተር ትችያለሽ ተብዬ ዕቃውን ተረከብኩ። ትእዛዙ አጭር ነው፤ ካሜራው ከክብር እንግዶቹ መድረክ ላይ እንዳይነሣ። እየዘነበ ስለነበር እኔም በላስቲክ ሸፍኜው፣ የዋናውን እንግዳ ንግግር እዚያው ዝናቡ ውስጥ ቆሜ አንድም ቃል ሳላስቀር ቀረጽኩ።

ቢሮ ገብቼ ስከፍተው ከተናጋሪው ትከሻ በላይ አንድ ፊት አየሁ። የተማሪዎቹን ማርሽ ባንድ ያሠለጠኑት ጡረተኛ መምህር ናቸው። በማለዳ ከዋጫ ከተማ መጥተው፣ ባንዱ ተጫውቶ ሲጨርስ በክብር መድረኩ ላይ ተቀምጠዋል። መጀመሪያ ዓይናቸው ከደን አለ፣ ቀጥሎ አገጫቸው ደረታቸው ላይ አረፈ። ሕዝቡ ባጨበጨበ ቁጥር እሳቸውም ሳይነቁ ያጨበጭባሉ።

ወሬው ደርሷቸው በማግስቱ መጡ። አብረን አየነው። "ልጄ፣ እኔን ከዚህ ማውጣት ይቻላል?" አሉኝ።

ሞከርኩ። ምስሉን ባጠበብኩት ቁጥር የእንግዳው አንድ ጆሮ አብሮ ይቆረጣል። በባንዱ ምስል እንዳልሸፍነው ደግሞ ባንዱን ጭራሽ አልቀረጽኩትም። ይህን ስነግራቸው ከማንቀላፋታቸው ይልቅ የባንዱ አለመቀረጽ ከፋቸው። ሁለት ቀን ሳይቆይ ልጆቹን የደንብ ልብስ አስለብሰው ትምህርት ቤቱ ሜዳ ላይ ሰበሰቡልኝ። እሳቸው በሚታዩበት ቦታ የንግግሩ ድምፅ እንዳለ ሆኖ ምስሉ የባንዱ ሆነ።

ችግሩ ልጆቹን የቀረጽኩ ቀን ፀሐይ ነበር። ፊልሙ አዳራሽ ሲታይ፣ ዝናብ ውስጥ የተጀመረው ንግግር በጠራራ ፀሐይ ቀጥሎ ተመልሶ ዝናብ ውስጥ አለቀ። ተግሣጽ ስጠብቅ ወላጆቹ ልጆቻቸውን በጣት ከማሳየት ሌላ ነገር አላዩም። አለቃዬም፣ "ንግግሩ እንዲህ ደስ እንደሚል በበዓሉ ቀን ልብ አላልኩትም ነበር" አሉኝ።

መምህሩ ሻይ ጋበዙኝ። ሐሳብ ገብቷቸዋል። ፊልሙ ላይ ባንዱን ሲመሩ፣ ጥሩምባው ሲነፋ እሳቸውም አብረው ጉንጫቸውን ሲነፉ ራሳቸውን አይተዋል።

"ሁልጊዜ እንዲህ ነኝ እንዴ?"

ልጆቹን ጠይቄ ነበርና፣ አዎ አልኳቸው። ይህን ሁሉ ዓመት አንድ ልጅ እንኳ ደፍሮ አለመናገሩ ገርሟቸው ሳቁ፤ ሻዩ እስኪቀዘቅዝ።