ቅጠል የሌለው አበባ

ባለቤቴ በጅቡቲ መንገድ የሚመላለስ የከባድ መኪና ሹፌር ነው። ድንበሩ ላይ፣ ገላፊ በደረሰ ቁጥር ይደውልልኝ ነበር። ያን ሳምንት ግን ሦስት ቀን ሙሉ ስልኩ ዝግ ሆነ።

ቅዳሜ ጠዋት ዱብቲ ያለውን ቤታችንን ሁለት ጊዜ ጠረግኩት። የተማሪዎቼን የባዮሎጂ ፈተና ላርም ተቀመጥኩና አንዱን ወረቀት ሳልጨርስ ተነሳሁ። ቤቱ ጠበበኝ። ስልኬን ጨብጬ አዋሽ ዳር ወዳሉት ዛፎች ወጣሁ።

ከአንድ ግራር ሥር ነጭ ነገር አየሁ። የተጣለ ፌስታል መስሎኝ ነበር። ጎንበስ ስል አበባ ነው፤ ግንዱም አበባውም እንደ ሰም የነጣ፣ አንዲት ቅጠል እንኳ የሌለው። ተክል ምግቡን የሚሠራው በአረንጓዴ ቅጠሉ ነው እያልኩ ስንት ዓመት አስተምሬያለሁ። የሌላውን ሥር እየጠቡ የሚኖሩ እንዳሉ ባውቅም በዓይኔ አይቼ አላውቅም ነበር። አፈሩን በጣቴ መጫር ጀመርኩ።

"አትንቀይው፣ ወዲያው ይጠቁራል" አሉኝ ከኋላዬ። ፍየሎቻቸውን የሚጠብቁት አፋር ጎረቤቴ ናቸው። ፊቴን አዩት። "ምን ሆነሻል፣ ልጄ?"

"ባለቤቴ ጠፋብኝ፣ እናቴ። ሦስት ቀኑ።"

ወንድማቸው በጅቡቲው መንገድ ላይ ባለችው ዲቾቶ ከተማ ጋራዥ አለው። እዚያው ቆመው ደወሉለት፤ በአፋርኛ ብዙ አወሩ፤ የመኪናውን ታርጋ ጠይቀውኝ ነገሩት። መልስ እስኪመጣ ከዛፍ ወደ ዛፍ ስመላለስ ፍየሎቹ እንኳ ሸሹኝ።

ስልካቸው ሲጠራ ለእኔ ሰጡኝ። የባለቤቴ ድምፅ ነው።

"መኪናው ተበላሽቶብኝ እዚህ ጋራዥ ነኝ። ስልኬ ደግሞ ውሃ ውስጥ ወደቀብኝ።"

"አልሐምዱሊላህ! ታዲያ በሰው ስልክ አትደውልም?"

"ቁጥርሽን በቃሌ አላውቀውም።"

በተጋባን በዘጠኝ ዓመታችን! ልሳደብ አፌን ከፈትኩና፣ "ነጭ አበባ አገኘሁ፤ ቅጠል የለውም" አልኩት። ከዚያ አለቀስኩ። ጎረቤቴ ወደ ፍየሎቻቸው ዞር አሉልኝ።

ሰኞ ቀትር ላይ ዘይት በዘይት ሆኖ ገባ። ሊያቅፈኝ ሲመጣ በሩ ላይ አቆምኩት።

"መጀመሪያ ቁጥሬን በል።"

ሁለት ጊዜ ተሳሳተ። በሦስተኛው ሲያገኘው እየሳቅኩ አስገባሁት፤ ምሳውን እየበላ ግን ደግሞ እንዲለው ጠየቅኩት።