አያቴ ስለ «ምልልሳዊ» ያሉኝ

«ምልልሳዊ» የሚለውን ቃል ትምህርት ቤት የተማርኩ ዕለት እየተኩራራሁ ለአያቴ ፍቺውን አነበብኩላቸው፤ «በሁለት ሰዎች ንግግር ላይ የተመሠረተ።»

አላህ ይዘንላቸውና ሳቁብኝ። «ሁለት ሰው ሲያወራማ ሸዋ ሮቢት ገበያም ሞልቷል። ያኛው ያለውን ሳትደግሚ የምትመልሺ ከሆነ ብቻሽን ነው የምታወሪው፣ የኔ ልጅ።»

ገበሬዎች በመስኖ ውሃ ተራ ሲጣሉ የሚያስታርቋቸው እሳቸው ነበሩ። ተከሳሹ መጀመሪያ የከሳሹን ቃል ካልደገመ፣ ከሳሹም «አዎ፣ እንደዚያ ነው ያልኩት» ካላለ መልስ መስጠት አይፈቀድለትም ነበር። አንድ ማሾ የሚዘራ ገበሬ ሦስት ጊዜ ሲያስደግሙት «ኧረ ሼኪ፣ ውሃውን ይውሰደውና ልረፍ!» ብሎ ሁላችንንም አስቆናል።

ከሞቱ ሁለት ወር ሆናቸው። ባለፈው ጁምዓ አባቴና አጎቴ በዚያው በመስኖ ውሃ ተራ ተጣሉ። አያቴ ይቀመጡበት የነበረው ምንጣፍ ባዶውን ተነጥፎ፣ ሁለቱ ከግራና ከቀኝ እኩል ይጮኻሉ። ብቻ ዝምድናቸው እንዳይቆረጥ ፈራሁ።

«አባዬ፣ መጀመሪያ ጋሼ ያለውን ድገምለት» አልኩ።

አባቴ ወደኔ ዞረ። ጩኸቱን ትቶ፣ ቀስ ብሎ፣ «ምን ነበር ያለው?» ሲል ጠየቀኝ።

አጎቴ ግን ጫማውን አድርጎ ወጥቶ ነበር።