ቱቫሉን ማን ያዋስናታል?

ዛሬ አባቴ የቱቫሉን አዋሳኞች ጠየቁኝ።

ከሽንዲ ገጠር ፍኖተ ሰላም የመጡት ለፍርድ ቤት ነው፤ ጎረቤታቸው ድንበር ገፍቶ አርሶባቸዋል። የከሰዓቱን ቀጠሮ ሲጠብቁ፣ እኔ ነገ ለማስተምረው የጂኦግራፊ ክፍለ ጊዜ የዘረጋሁትን ካርታ ያዩ ነበር።

ፓስፊክ ላይ ያለችውን ነጥብ የዝንብ ኩስ መስላቸው በጣታቸው ፈገፈጓት።

"አባዬ፣ እሷ እኮ አገር ናት። ቱቫሉ ትባላለች።"

"በምሥራቅ ማን ያዋስናታል?" መሬት ከተነሳ መጀመሪያ የሚጠይቁት ይህን ነው።

"ባሕር።"

"በምዕራብስ?"

"እሱም ባሕር ነው።" በአራቱም ማዕዘን ባሕር እንደሆነ፣ ውሃውም ከፍ እያለ መሬቷን እየወሰደው እንደሆነ ነገርኳቸው።

"ምን ነክቶት?" አሉ፣ ባሕሩን እንደሚያውቁት ሰው።

"የሀብታም አገሮች ጭስ ዓለሙን አሙቆት ነው። እነሱ ግን ከቱቫሉ በጣም ሩቅ ናቸው።"

"አዋሳኝ ሳይሆኑ ነው ድንበር የሚገፉት?" አሉ።

መማሪያ መጽሐፉ ላይ ይህ ጥያቄ የለም።

ዱላቸውን አንስተው ሲወጡ "የኔው ይሻላል፤ እሱን ዛሬ ችሎት ፊት አገኘዋለሁ" አሉኝ።

ነገ ትምህርቱን የምጀምረው በአባቴ ጥያቄ ነው። እናንተንስ የቤታችሁ ሰው ጠይቆ መልስ ያሳጣችሁ ምን ነበር? እስቲ ጻፉልኝ።