ከአግዳሚው ሥር የወደቀ ጊዜ

በጊዜ አስማተኞች ትምህርት ቤት ወለል የምትወለውል አንዲት ሴት ነበረች። ስሟን የሚያውቅ ጥቂት ነው፤ ሁሉም «እትዬ ቀስ በሉ» ይሏታል። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ እርጥብ ወለል ላይ ለሚረማመድ ሁሉ የምትለው ይህንኑ ነበርና። አንድ ቀን ለከተማው ገዢ ሳይቀር ብላለች። ገዢው አልሰማ ብሎ በጀርባው ተንጋለለ፤ ከዚያ ወዲህ የሚሰማት በዛ።

ትምህርት ቤቱ የሚያስተምረው ጊዜ ማፍጠን ነው፦ ዛሬ ዘርቶ ዛሬ ማጨድ፣ የተሰበረ አጥንት ወዲያው ማስገጠም፣ እንዲህ እንዲህ ያለውን። ችግሩ፣ በመጽሐፋቸው መሠረት ጊዜ እንዲሁ አይገኝም፤ አስማተኛው ከራሱ ዕድሜ ቆርሶ ነው የሚሰጠው። አንድ ዓመት ያፈጠነ አንድ ዓመት ያረጃል። ስለዚህ ግቢው በሽማግሌ የተሞላ ነው። ዋናው መምህር ገና አርባ አንድ ዓመታቸው ሲሆን ጢማቸው ነጭ፣ ወገባቸው ጎባጣ፣ ጥርሳቸውም ከግማሽ በላይ የተሰናበታቸው ነበር። እናታቸው ሊጠይቋቸው ሲመጡ ዘበኛው «አባትዎ ውስጥ ናቸው» ብሎ ያስገባቸዋል።

እትዬ ቀስ በሉ ስለ አስማት የምታውቀው ነገር የለም። ስለ ወለል ግን እሷን የሚያህል አልነበረም። ታዲያ አንድ ነገር ይከነክናት ነበር። የፈተናው አዳራሽ ጠዋት ተወልውሎ እስከ ቀትር አይደርቅም። ከመዝገብ ቤቱ መስኮት ፊት ያለው አግዳሚ ወንበር ሥር ግን፣ ጨርቋን ሳትጨምቅ ድርቅ ይላል። ፀሐይ አይገባበት፣ ነፋስ አይነካው።

መዝገብ ቤቱን የያዘው ሰውዬ «ነገ ና» የሚል ቅጽል ስም ወጥቶለታል፤ ማኅተም ፈላጊ ሁሉ ከአፉ ሌላ ቃል ሰምቶ አያውቅም። ባለጉዳዩ በዚያ አግዳሚ ላይ ተኮልኩሎ የጣሪያውን እንጨት ሲቆጥር ይውላል።

አንድ ቀን ለእራት የገዛችውን ሽንኩርት ከነዘንቢሉ ከአግዳሚው ሥር አኑራ ደረጃውን ጠርጋ ብትመለስ፣ ሽንኩርቱ አንድ ክንድ አድጎ አበባ አውጥቶ ጠበቃት።

ማታ ባሏን ጠየቀችው። «አንተ ሰውዬ፣ ሰው ወረፋ ሲጠብቅ ጊዜውን ይጠቀምበታል?»

ባሏ ጫማ ሠሪ ነው። ሚስማር በከንፈሩ እንደያዘ «ምኑን ይጠቀምበታል!» አላት።

«ታዲያ ያልተጠቀመበት ጊዜ የት ይሄዳል?»

ሚስማሮቹን ከአፉ አወጣ። በሠላሳ ዓመት ትዳራቸው ከራት በፊት ሚስማር ሲያወጣ ይህ ሁለተኛው ነው።

«ይንጠባጠባል እንዴ?» አለ።

«ይንጠባጠባል! እኔ ሞኟ ደግሞ ስጠርገው ኖሬያለሁ።»

በማግስቱ ሙጫ የተቀባ ጫማ ይዞ መጣና ከአግዳሚው ሥር አኖረው። ሁለት ቀን የሚፈልገው ሙጫ ባርኔጣውን እስኪያወልቅ ደረቀ። «በይ ለማንም እንዳትናገሪ፣ አበደች ይሉሻል» ብሏት ሄደ።

ሆዷ ግን አልቻለም። በዚያው ሰሞን ገዢው ትምህርት ቤቱን ሊጎበኝ ሆነና የሎሚ ችግኝ ዓይኔ እያየ ያፍራልኝ አለ። ያ ደግሞ አራት ዓመት ይፈጃል። ዋናው መምህር እሺ አሉ። በዋዜማው ብቻቸውን መስታወት ፊት ቆመው የቀሩትን ጥርሶች ሲቆጥሩ፣ ባልዲዋን ይዛ ገባች። አንጀቷን በሉት።

«መምህር፣ አንድ ነገር ልንገርዎት፣ እንዳይቆጡኝ።»

«ቀስ በሉ ልትዪኝ ነው?»

«እሱንም። ችግኙን ግን ወደ አዳራሽ አይውሰዱት። ከመዝገብ ቤቱ አግዳሚ ሥር ያኑሩት። ከራስዎ ምንም አይቁረሱ፤ እዚያ የወደቀውን ብቻ ያንሱ።»

ወለሉን፣ ሽንኩርቱን፣ ሙጫውን አንድ በአንድ ነገረቻቸው። መጀመሪያ ሳቁ፤ ቀጥለው ባልዲዋን አዩት። ዘጠኝ መጽሐፍ የጻፉ ሰው ናቸው፤ በአንዱም ውስጥ ባልዲ አልተጠቀሰም።

«ባይሆንስ?»

«ባይሆን ያኔ ያርጁ። ምን አስቸኮለዎት?»

በማግስቱ ገዢው አጃቢዎቹን አስከትሎ መተላለፊያው ላይ ቆመ። አግዳሚው እንደወትሮው ሞልቷል። መምህሩ ችግኙን ከሥሩ አስገቡና ዓይናቸውን ጨፍነው፣ ወገባቸው እስኪሰበር እየጠበቁ፣ የአስማቱን ቃል ደገሙ። ዛፉ ሽቅብ ተምዘገዘገ! አግዳሚውን ከነተቀማጮቹ አንስቶ ወደ ጣሪያው ወሰዳቸው፤ ሎሚው በገዢው ራስ ላይ ዘነበ። መምህሩ ጢማቸውን ዳበሱ፣ ወገባቸውን ነካ ነካ አደረጉ።

«አላመመኝም!» ብለው ጮኹ። «እትዬ፣ ምንም አላመመኝም!»

ከላይ፣ ከቅርንጫፉ መሃል፣ ሰባት ወር ማኅተም የጠበቁ አንዲት አሮጊት ብቅ አሉ። «ቆይ ቆይ! ይህ ዛፍ ያደገው በማን ጊዜ ነው?»

«በእናንተ» አለች እትዬ ቀስ በሉ።

«እንግዲያውስ ሎሚው የኛ ነው» ብለው ነጠላቸውን ዘርግተው መልቀም ጀመሩ። ገዢው በእጁ የያዘውን አንድ ሎሚ ቀስ ብሎ መለሰ።

አንጋፋዎቹ አስማተኞች «ከዕድሜ ካልተቆረሰ አስማት አይባልም» ብለው አንድ ሳምንት ተከራከሩ፤ ጉልበታቸው ግን ቀድሟቸው አመነ። የወደቀ ጊዜ ሕግ ተብሎ በመጽሐፍ ገባ። ጉዱ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። መምህራኑ ስድስት አግዳሚ አስጨመሩ። ነገ ና ደረቱን ነፍቶ «ከነገ ወዲያ» ማለት ጀመረ።

እትዬ ቀስ በሉ ይህን ስትሰማ ደሟ ፈላ። ከስብሰባቸው መሃል ገብታ ባልዲዋን ጠረጴዛው ላይ ዷ አደረገችው። «እኔ የወደቀ ይነሣ አልኩ እንጂ ሰው ይራገፍ አልኩ?»

ጆሮ ዳባ ልበስ አሏት። እሷም አልለመነቻቸውም። በማግስቱ ለባለጉዳዮቹ ሁሉ ክርና መርፌ አደለች። ገሚሱ ሹራብ ሠራ፣ ገሚሱ ባሏ ያመጣውን ጫማ ሰፋ፤ አሮጊቷም ጎረቤታቸውን ፊደል አስቆጠሩ። ከሰባቱ አግዳሚዎች ሥር አንዲት ደቂቃ ጠብ አላለችም። በአራተኛው ቀን አስማተኞቹ እጅ ሰጡ።

አሁን ማኅተሙ በዕለቱ ይመታል። ጊዜ የሚያስፈልገው አስማተኛ ራሱ መጥቶ፣ ምንም ሳይሠራ፣ ምንም ሳያነብ አግዳሚው ላይ ይቀመጣል። ለተማረ ሰው ከባድ ሥራ ነው። የዋናው መምህር ተራ ማክሰኞ ጠዋት ነው። ከእንግዲህ የሚያረጁት እንደማንኛውም ሰው ነው፣ በዓመት አንድ ዓመት።

«እትዬ፣ ስንት ሰዓት ሆነ?» አሏት ባለፈው፣ ሲጨንቃቸው።

«እኔ ምን አውቃለሁ? እግርዎን ያንሱልኝ።»

አነሱላት። ወለወለችና አለፈች።